ጎተራ የሌለው እርሻ

ከውጭ አገር ለዕረፍት ወደ አዳማ የምንመለስ ሰዎች ስለ አገራችን እርሻ መናገር ስንጀምር ብዙውን ጊዜ የምንነሣው ከበሬው ነው። በፈጣን መንገዱ ሞጆን አልፈን ወደ ከተማዋ ስንቃረብ፣ የንፋስ ኃይል ማመንጫዎቹ በሚሽከረከሩበት ኮረብታ ሥር ገበሬው ዛሬም በሞፈርና በቀንበር፣ በጥንድ በሬ ሲያርስ እናያለን፤ መኪናው ውስጥም «ይህ ሕዝብ ትራክተር ቢያገኝ የት በደረሰ ነበር» የሚለው ጨዋታ ወዲያው ይነሣል። እኔ የምኖረው ኔዘርላንድ ውስጥ፣ ዙሪያዋን በእርሻ በተከበበችው ኤመሎርድ በምትባል ከተማ ነው። እዚያ ትራክተር የሌለው የገበሬ ግቢ አላየሁም። ሁለቱን አገሮች ባነጻጸርሁ ቁጥር ግን ዋናው ልዩነት መሬቱ በምን እንደሚታረስ ሳይሆን ምርቱ ከተሰበሰበ በኋላ የት እንደሚያድርና ማን እስኪመጣ እንደሚቆይ መሆኑ እየታየኝ መጥቷል።

አጎቴ በቦሰት ወረዳ፣ ከወለንጪቲ ወጣ ባለ ቀበሌ፣ ጤፍና ነጭ ቦሎቄ ያመርታሉ። በአባታቸው ዘመን እርሻ ማለት ከሁሉ በፊት ለቤት የሚበላውን ማግኘት ነበር። መሬቱ ይገመሳል፣ ይደገማል፣ ይሠለሳል፤ አረሙ በደቦ ይታረማል፤ አጨዳው በማጭድ፣ ውቂያው በውድማ ላይ በሬ እየነዱ በማበራየት፣ ማጥራቱም ነፋስ ጠብቆ በመንሽና በላይዳ በማዝራት ይፈጸማል። በመጨረሻም እህሉ በድንጋይ ላይ ከፍ ብሎ ወደ ቆመው፣ በጭቃና በእበት ወደ ተለሰነው ጎተራ ይገባል። ጎተራውን እንደ ዕቃ ማስቀመጫ ብቻ የሚያይ ሰው ትልቁን ነገር ይስታል። በጥርና በየካቲት ሁሉም ወቅቶ ገበያው በእህል ሲጥለቀለቅ ዋጋ ይወርዳል፤ በሐምሌና በነሐሴ ደግሞ ይወጣል። በእነዚህ ሁለት ጊዜያት መካከል እህሉን አቆይቶ ለመሸጥ የሚችለው ማቆያ ያለው ሰው ብቻ ነው።

ይህን ስል ያለፈውን ዘመን ማሞገሴ አይደለም። ከ1967 ዓ.ም. በፊት በሸዋም በአርሲም ያለው ገበሬ አብዛኛው ጭሰኛ ስለነበር ከምርቱ ሲሶውን፣ አንዳንድ ቦታ እኩሌታውን ለባለመሬቱ ያስረክብ ነበር፤ ጎተራው ቢሞላም የሞላው ለሌላ ሰው ነበር ለማለት ይቻላል። ትራክተርን እንደ መድኃኒት ለሚቆጥሩት ወገኖቼም የአርሲን ታሪክ ባስታውሳቸው ደስ ይለኛል። በ1960ዎቹ መባቻ በስዊድን እርዳታ ካዱ የሚባለው የጭላሎ የእርሻ ልማት ሥራ ከአዳማ በስተ ደቡብ አሰላ ላይ ሲጀመር ዓላማው ትንንሾቹን ገበሬዎች መርዳት ነበር። ምርጥ ዘርና ማዳበሪያ ሲመጣ፣ ስንዴም ማትረፍ ሲጀምር ግን ባለርስቶቹ ትራክተር እያስገቡ መሬታቸውን ራሳቸው ማሳረስ መረጡ፤ ብዙ ጭሰኛም ከይዞታው ተነቀለ። በዚያ አካባቢ ለብዙ ቤተሰብ ትራክተር የመጣው እንጀራ ሊጨምር ሳይሆን ቤት ሊያስለቅቅ ነበር።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ ጭሰኝነትን አስቀረ፤ ይህ በማንም ሚዛን ትልቅ ነገር ነው። ብዙም ሳይቆይ ግን የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት ኮታ ይዞ መጣ፤ ገበሬው የተመደበበትን መጠን መንግሥት በቆረጠው ዋጋ እንዲያስረክብ ይገደድ ጀመር። ባለመሬቱ ከጎተራው በር ላይ ተነሥቶ ሌላ ቆመበት ማለት ነው። አጎቴ የዚያን ጊዜ ነገር ሲያነሡ ስለ ፖለቲካው ብዙ አይሉም፤ ለኮታ የጎደላቸውን ጤፍ ከገበያ በውድ ገዝተው በርካሽ ያስረከቡበትን ዓመት ግን አይረሱትም። ኮታው የቀረው በ1982 ዓ.ም. የቅይጥ ኢኮኖሚ ፖሊሲ ሲታወጅ ነው።

አሁን ወደ ኤመሎርድ ልሻገር። ከተማዋ ያለችበት ምድር ከስምንት ዐሥርት ዓመታት በፊት ባሕር ነበር። ደቾች፣ ማለትም ኔዘርላንዳውያን፣ ግድብ ሠርተው፣ ውኃውን በፓምፕ አውጥተው እ.ኤ.አ. በ1942 አደረቁትና ብዙውን ቦታ 800 ሜትር በ300 ሜትር በሆነ ማሳ ሸነሸኑት፤ አንዱ ማሳ 24 ሄክታር መሆኑ ነው። ከእኛ አገር ጋር ሲነጻጸር የሚያስገርመው ግን ስፋቱ አይደለም፤ በኢትዮጵያ የአንድ ገበሬ ቤተሰብ አማካይ ይዞታ ከ1 ሄክታር በታች መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን። የሚያስገርመው፣ ያ አዲስ መሬት ሲከፋፈል ባለቤቱ መንግሥት የነበረ መሆኑ ነው። ገበሬዎቹ በብርቱ ማጣሪያ ተመርጠው፣ ሹማምንት እስከ ቤታቸው ድረስ እየሄዱ የቤት አያያዛቸውን ሳይቀር አይተው፣ መሬቱን ከመንግሥት በኪራይ ያዙ። በዋሽንግተንም በአምስተርዳምም በሐበሻ ቡና ላይ የሚነሣው ክርክር ሁልጊዜ «ገበሬው መሬቱን መሸጥ ስለማይችል ነው የደኸየነው» በሚል ይደመደማል። የኤመሎርድ ገበሬ ግን በመጀመሪያዎቹ ዐሥርት ዓመታት የመንግሥት ተከራይ ሆኖ ሳለ ነው ሀብት ያፈራው። እኔ ራሴ ይህን እስካነብ ድረስ የምከራከረው መሬት ይሸጥ ከሚሉት ጋር ወግኜ ነበር።

ታዲያ ያን ገበሬ ምን አቆመው ቢባል፣ መልሱ ትራክተሩ ከመምጣቱ ብዙ ቀድሞ ይጀምራል። እ.ኤ.አ. በ1880ዎቹ ከአሜሪካ የመጣው ርካሽ እህል የአውሮፓን ገበሬ ሲያደኸየው ደቾች ከእህል ይልቅ ወደ ወተት፣ ወደ አትክልትና ወደ አበባ አዘነበሉ፤ እነዚህ ደግሞ ሁሉም ቶሎ የሚበላሹና ነጋዴው የሚያዝባቸው ምርቶች ናቸው። በዚያው ዘመን ገበሬዎቹ የወተት ማቀነባበሪያውን፣ የብድር ተቋሙን፣ የአትክልትና የአበባ ጨረታውን እየተደራጁ በራሳቸው እጅ አደረጉ። ዛሬ ከአገሪቱ ትልልቅ ባንኮች አንዱ የሆነው ራቦባንክ የተወለደው ከእነዚያ የገበሬ የብድር ማኅበራት ነው። በዓለም የታወቀው የአበባ ጨረታም የአምራቾቹ የኅብረት ሥራ ማኅበር ንብረት ነው። የንፋስ ማመንጫዎቹም ቢሆኑ በእኛ ፍሌቮላንድ ክፍለ ሀገር ገበሬዎችና ነዋሪዎች ተደራጅተው በራሳቸው ገንዘብ ያስተከሏቸው አሉ፤ የአዳማዎቹ ሲሽከረከሩ ከሥራቸው የሚያርሰው ሰው በድርሻ የሚያገኘው ነገር የለም።

በአዳማ ዙሪያ የዘመናችንን እርሻ ከድሮው የለየው ዋናው ሰብል በእኔ እይታ ሽንኩርት ነው። እናቶቻችን ወጥ ይሠሩ የነበረው በትንሹ የሐበሻ ሽንኩርት ነበር፤ ትልቁ ቀይ ሽንኩርት በአካባቢያችን የተስፋፋው ከ1960ዎቹ ወዲህ ከመስኖ ጋር ነው። መስኖውን ያስጀመረው ደግሞ፣ የአጋጣሚ ነገር ሆኖ፣ የደች ኩባንያ ነው። ኤች ቪ ኤ የተባለው ይህ ኩባንያ ኢንዶኔዢያ ውስጥ የነበሩትን እርሻዎች እያጣ በመጣበት ጊዜ ወደ ኢትዮጵያ መጥቶ በ1946 ዓ.ም. የወንጂን ስኳር ፋብሪካ ሥራ አስጀመረ። ከጥቂት ዓመታት በኋላም የቆቃ ግድብ ተጠናቅቆ የአዋሽን ውኃ ከበጋ እስከ ክረምት ሚዛን አስያዘው። ከዚያ የመንግሥት እርሻዎች ተከተሉ፤ በመጨረሻም የውኃ ሞተር የያዘ ወጣት ሁሉ ወንዙን ተከትሎ ወረደ። የመልካሳ የእርሻ ምርምር ማዕከል አዳማ ሬድ የተባለውን የሽንኩርት ዝርያ አወጣ፤ ዛሬ ግን በማሳ ላይ በብዛት የሚታየው ቦምቤ ሬድ ነው።

የአጎቴ የመጨረሻ ልጅ ከእነዚህ ወጣቶች አንዱ ነው። ከአዋሽ ዳር በኮንትራት መሬት ይይዛል፣ ችግኝ ያፈላል፣ ችግኙ ሲደርስ ሴት የቀን ሠራተኞችን ቀጥሮ ያስተክላል፣ ውኃውን በሞተር እየሳበ ያጠጣል፣ ኬሚካሉን በጀርባ መርጫ ይረጫል። ቤንዚን በጥቁር ገበያ የሚገዛበት ጊዜ አለ፤ ዩሪያ የሚዘገይበት ጊዜም አለ። ከተከላ በኋላ ሦስት ወር ተኩል ገደማ ቆይቶ አንገቱ ወድቆ ቅጠሉ ሲተኛ ሽንኩርቱ ደርሷል ማለት ነው፤ ከዚያ ወዲያ ያለው እያንዳንዱ ቀን የእርሱ መሆኑ ያበቃል። ደላላው ስልክ ይደውላል ወይም አይደውልም። ሲደውል «ዛሬ አዲስ አበባ ገበያው ወርዷል» ካለ፣ ልጁ ይህን የሚያጣራበት ሌላ መንገድ እምብዛም የለውም። ኢሱዙው ማሳው ዳር ቆሞ፣ ነቃዮቹ ተቀጥረው፣ ጆንያው ተገዝቶ ሳለ ዋጋው በኪሎ ጥቂት ብር ሲቀነስበት እምቢ ብሎ የሚቆይበት አቅም የለውም፤ ዝናብ ቢመጣበት ሽንኩርቱ ይበሰብሳል፣ ፀሐይ ቢበረታበት ይበላሻል፤ ቀጣዩ ተከራይም መሬቱን እየጠበቀ ነው።

በአንድ ወቅት አባቱ ጤፍ አርሰው በብዙ ዓመት የማያገኙትን ገንዘብ በአንድ ምርት ያገኝ ይሆናል፤ በሚቀጥለው ወቅት ደግሞ የዘሩን እንኳ ሳይመልስ ይቀራል። አዲስ አበባ ላይ ኪሎው ከመቶ ብር በላይ በወጣባቸው ጊዜያት እኛ በውጭ ያለነው «ገበሬው አገኘ» ብለን ተደስተናል። ዋጋው የሚሰቀለው ግን ማሳ ላይ ሽንኩርት በሌለበት ጊዜ ነው፤ የሌለውን የሚሸጥ ገበሬ ደግሞ የለም። አጎቴ ይህን ነገር ከእኔ በተሻለ አጠር አድርገው ነግረውኛል፦ «አንቺ ልጄ፣ እኔ ጤፌን ከቤት አስቀምጬ ነጋዴውን አስጠብቀዋለሁ፤ ይኼን ልጅ ግን የሚያስጠብቀው ነጋዴው ነው።» ልጁ አባቱ ፊት መልስ ባይሰጥም በኋላ ብቻችንን ስንሆን፣ «አባባ ጤፉን የሚያስጠብቁት እኔ ከሽንኩርት ባመጣሁት ብር አስቤዛ እየተገዛ ስለሆነ ነው» ብሎኛል። ሁለቱም እውነታቸውን ነው።

የአጎቴ ጤፍ ነቀዝ የማይደፍረው እህል በመሆኑ በጎተራም በጆንያም ዓመታት ሊቆይ ይችላል። በበሬ የሚያርሱት ሽማግሌ ከነጋዴው ጋር ሲደራደሩ ሞተርና ስማርት ስልክ ከያዘው ልጃቸው የበረታ አቅም ያላቸው ለዚህ ነው። ዘመናዊ የምንለው እርሻ ወደ አዳማ ዙሪያ ሲመጣ ዘሩ፣ ማዳበሪያው፣ ኬሚካሉና ሞተሩ መጥተዋል፤ ማቆያው ግን ወደ ኋላ ቀርቷል።

ኤመሎርድ ያለው ጎረቤቴም ሽንኩርት አምራች ነው፤ አሁን ሥራውን ለልጁ ትቶ ጡረታ ወጥቷል። እዚያ ሽንኩርት በመጋቢትና በሚያዝያ በቀጥታ በማሽን ይዘራል፣ በነሐሴና በመስከረም ይሰበሰባል፤ በሄክታር ከ50 ቶን በላይ ማግኘት የተለመደ ነው፤ የእኛ አገር አማካይ ምርት ከዚህ በብዙ እጥፍ ያነሰ ነው። ምርቱ ግን እንደተሰበሰበ ሁሉም አይሸጥም። ከማሳው ጎን ባለው ትልቅ መጋዘን ውስጥ ተከምሮ፣ በወለሉ ሥር በተዘረጋ ቦይ ሞቅ ያለ አየር እየተነፋበት አንገቱ እስኪደርቅ ይቆያል፤ ከዚያም እየቀዘቀዘ የብርዱን ወራት ሁሉ ያሳልፋል። ሳይነቀል በፊት እንዳያቆጠቁጥ የሚረጭ መድኃኒትም አለ። ገበሬው የሽንኩርት ዋጋ በየሳምንቱ በይፋ ሲወጣ እያየ ከፊሉን በመስከረም፣ ከፊሉን በጥር፣ ከፊሉን በሚያዝያ ይሸጣል። መርከብ ተጭኖ እስከ ሴኔጋልና አይቮሪ ኮስት ድረስ የሚሄደው ይኸው ሽንኩርት ነው። ያንን መጋዘን መጀመሪያ ባየሁ ጊዜ ወዲያው ያሰብሁት የአያቴን ጎተራ ነው፤ ያ ጎተራ መብራትና አየር መንፊያ ተገጥሞለት ያደገ ነው የሚመስለው።

ስለ ጎረቤቴ ስናገር እንደ ተረት እንዳይወሰድብኝ አንዳንድ ነገር ልጨምር። እ.ኤ.አ. በ1950 ኔዘርላንድ ውስጥ አራት መቶ ሺህ ያህል እርሻዎች ነበሩ፤ ዛሬ ከ50 ሺህ ብዙም አይበልጡም። የቀሩት እየሰፉ፣ ብድራቸውም እየከበደ ሄዷል። ለዐሥርት ዓመታት «አምርቱ፣ አስፋፉ» ሲላቸው የኖረ መንግሥት የአገሪቱ ከፍተኛ የአስተዳደር ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2019 በናይትሮጂን ብክለት ላይ ከወሰነ ወዲህ ብዙዎቹን «ቀንሱ» ማለት ጀመረ፤ በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ ገበሬዎቹ ትራክተራቸውን እየነዱ ወደ ሄግ ከተማ የወጡት በዚሁ ምክንያት ነው። ጎረቤቴ ልጁ እርሻውን በመረከቡ ራሱን እንደ ዕድለኛ ይቆጥራል፤ በመንደሩ ተረካቢ አጥተው መሬታቸውን የሸጡ ጥቂት አይደሉም። ከእርሻ የወጣው ሰው ግን ፋብሪካና ቢሮ ተቀብሎታል። ከቦሰት የሚወጣው ወጣት አዳማ ሲደርስ የሚያገኘው ብዙ ጊዜ የተከራየ ባጃጅ ወይም የቀን ሥራ ነው።

ቴክኖሎጂን በሻንጣ አምጥቶ መለወጥ እንደማይቻልም መናገር ያስፈልጋል። አንድ የማውቀው የአገሬ ልጅ ከኔዘርላንድ የሽንኩርት ዘር ገዝቶ ለዘመዶቹ አምጥቶላቸው ነበር። ቅጠሉ እንደ ቄጠማ ለመለመ፤ ሥሩ ግን ሽንኩርት ሳይሆን ቀረ። የሰሜኑ ዘር የሽንኩርት ራስ መሥራት የሚጀምረው ቀኑ ወደ 15 ሰዓትና ከዚያ በላይ ሲረዝም ነው፤ አዳማ ላይ ደግሞ ቀኑ ዓመቱን ሙሉ ከ12 ሰዓት ብዙም አይርቅም። ለእኛ ቀን የሚስማማውን ዘር ለማውጣት መልካሳ ውስጥ ያሉ ተመራማሪዎች ዕድሜያቸውን የሰጡበት ምክንያት ይኸው ነው። ዝናቡ አጭር ለሆነባቸው እንደ ቦሰት ላሉ ቦታዎች የሚሆኑ ቶሎ የሚደርሱ የበቆሎ ዝርያዎችንም፣ ለውጭ ገበያ የሚቀርበውን አዋሽ አንድ የተባለውን ነጭ ቦሎቄም ያወጡት እነርሱ ናቸው። የዲያስፖራ ስጦታ ከሚመጣ ይልቅ የእነርሱ ሥራ ለገበሬው ቢደርስ ይሻላል።

በጤፉም በኩል የተለወጠ ነገር አለ። አረሙን በቡድን የሚያርሙት ሴቶች እየቀሩ በቦታቸው ቱፎርዲ የተባለው የአረም ማጥፊያ ገብቷል፤ ውድማው ላይ በሬ ሲነዳበት የነበረው ውቂያ በመውቂያ ማሽን ወይም በላዩ ላይ በሚነዳ ትራክተር እየተተካ ነው። ደቦው ሲቀር ሥራው ቀለለ፤ ለጠላውና ለእንጀራው ስትደክም የምታድረው የቤት እመቤትም ዐረፈች። ወንዶቹ ደቦ በመቅረቱ ሲቆጩ ብሰማም ሴቶቹ አብረው ሲቆጩ አልሰማሁም።

የአዲሱን እርሻ ሽንኩርት የሚያቆይ መጋዘን አዳማ ዙሪያ ለምን በስፋት እንዳልተሠራ የአጎቴን ልጅ ጠይቄው ነበር። መጀመሪያ ያነሣው የገንዘብን ጉዳይ ነው፤ ቀጥሎም ቦምቤ ሬድ በሙቀት ብዙ እንደማይቆይ፣ ዩሪያ በብዛት የጠጣ ሽንኩርትም ቶሎ እንደሚበሰብስ ነገረኝ። ይህ ትክክል ነው፤ ግን በነፋስ ብቻ በሚቀዘቅዝ፣ ከእንጨትና ከሣር በተሠራ ቤት ጥቂት ሳምንታት እንኳ ማቆየት ቢቻል ደላላው በስልክ የሚናገረው ቃል ክብደቱ ይቀንሳል። ዋናው መልስ የመጣው በመጨረሻ ነው፦ መሬቱን የያዘው ለአንድ ምርት ብቻ ነው። ለአራት ወር በተከራየው መሬት ላይ ቤት የሚሠራ ሞኝ የለም።

ኔዘርላንድ ውስጥ የመሬት ኪራይ ሕግ እርሻ ከነቤቱ ሲከራይ መደበኛ ጊዜውን 12 ዓመት፣ መሬት ብቻ ሲሆን ደግሞ 6 ዓመት አድርጎታል፤ ተከራዩ በዚያ ላይ ተማምኖ ነበር ግንብ የሚያቆመው። የኦሮሚያ የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 130/1999ም ቢሆን ባለይዞታው እስከ ግማሽ ይዞታውን በባህላዊ መንገድ ለሚያርስ እስከ 3 ዓመት፣ በዘመናዊ መንገድ ለሚያለማ እስከ 15 ዓመት እንዲያከራይ ፈቅዶ ነበር። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል አዋጅ ደግሞ የመጠቀም መብትን በዋስትና አስይዞ መበደርን ፈቅዷል። ሕጉ ስለዚህ በር አልዘጋም። በወንዙ ዳር ያሉት ባለይዞታዎች ግን ከአንድ ወቅት በላይ ማከራየት አይወዱም፤ ከተማው እየሰፋ ስለሆነ መሬታቸው ለኢንዱስትሪ ወይም ለመኖሪያ ቤት ሲፈለግ ካሣው በማን ስም እንደሚመጣ ይሰጋሉ፤ ረጅም ውል ያለው ተከራይም ነገ ባለመብት ነኝ እንዳይል ይፈራሉ። ኮታንም፣ የመሬት ድልድልንም፣ ይዞታ መነጠቅንም በአንድ ዕድሜ ያዩ ሰዎች በመሆናቸው ፍርሃታቸውን ከንቱ ነው ማለት አልችልም።

አጎቴ ራሳቸው ከአዋሽ ዳር ያላቸውን ትንሽ ማሳ ለባዕድ የሚያከራዩት ለአንድ ምርት ብቻ ነው። ለምን ለልጅዎ ለጥቂት ዓመታት በውል አይሰጡትም፣ ማቆያም ይሠራበታል ብዬ ስጠይቃቸው ወንድሞቹ ምን ይላሉ ብለው መለሱልኝ፤ ልጁም ነገሩን ለወንድሞቹ ለማንሣት የዘንድሮው ምርት እስኪሸጥ ድረስ መቆየት መርጧል።